ለባለቤቴ አባት የሚሆኑ ተንቀሳቃሽ መደገፊያዎች፦ ከየትኛው ልጀምር?

ምራት ከሽምብጥ

ጤና ይስጥልኝ፣ የተከበራችሁ ወንድሞችና እህቶች።

የባለቤቴ አባት የ81 ዓመት አዛውንት ናቸው። ዕድሜያቸውን በሙሉ ዜጌ ላይ ቡናቸውን እየተንከባከቡ የኖሩ ሰው ሲሆኑ፣ ባለፈው ጥቅምት ስትሮክ አጋጥሟቸው ሆስፒታል ተኝተው ከወጡ በኋላ ባሕር ዳር ወደ እኛ ቤት አምጥተናቸዋል። እግዚአብሔር ይመስገን፣ አንደበታቸው ተመልሷል፤ አእምሯቸውም ሙሉ ነው። የቀኝ እግራቸውና የቀኝ እጃቸው ግን እንደ ቀድሞው አልሆነም፤ እጃቸው ዕቃ ይይዛል እንጂ አጥብቆ አይጨብጥም፣ እግራቸውም ሲራመዱ ጫፉ መሬት ይነካል። ባለቤቴ ሥራው ከከተማ ውጭ ስለሆነ ቤት የሚያድረው ቅዳሜና እሑድ ብቻ ነው። በአዘቦት ቀን ያለነው እኔ፣ የ12 ዓመት ወንድ ልጄና እሳቸው ነን።

መጸዳጃ ቤታችን ጓሮ ነው። ከአልጋቸው እስከዚያ 23 እርምጃ ነው፤ ቆጥሬዋለሁ። በመካከሉ አንድ ደፍና ሁለት ደረጃ አለ፤ መጸዳጃውም ቁጢጥ ብለው የሚጠቀሙበት ዓይነት ነው። በመጀመሪያው ሰሞን እኔ ደግፌ እወስዳቸው ነበር። እሳቸው ግን በወግ ያደጉ ሰው ስለሆኑ ምራታቸው ልብሳቸውን ስታስተካክል ፊታቸውን ወደ ግድግዳው ያዞራሉ፣ አንዲት ቃል አይናገሩም። ከዚያ ወዲህ ከራስጌያቸው የማስቀምጠው የውኃ ብርጭቆ ማታ እንደሞላሁት ጠዋት ሞልቶ መገኘት ጀመረ። ነገሩን ያወቅሁት ባለቤቴ እሑድ ዕለት ሲጠይቃቸው «ልጅቱን በሌሊት እንዳላንገላታት ብዬ ነው» ብለው ሲመልሱለት ነው። ለካስ ከቀኑ 10 ሰዓት በኋላ ምንም ነገር አይጠጡም ነበር። አሁን የነቢያት ጾም ስለሆነ እስከ 9 ሰዓት ደግሞ አይቀምሱም፤ ስለዚህ በቀን ውስጥ የሚጠጡት ከአንድ ብርጭቆ ብዙም አይበልጥም። ሆዳቸው ደርቋል፣ ጠዋት ሲነሱም ያዞራቸዋል።

ባለፈው ሳምንት ደግሞ ሌሊት እኔን ሳይቀሰቅሱ ሊነሱ ሲሉ አጎበሩ እግራቸው ላይ ተጠምጥሞ ወደቁ። ክርናቸው ከመላጡ በቀር ጉዳት አላገኛቸውም፤ እኔ ግን ከዚያን ቀን ወዲህ እንቅልፍ የለኝም።

እስካሁን የገዛናቸው ሁለት ነገሮች አሉ። አንደኛው ባለ አራት እግር ከዘራ ሲሆን፣ እንዳመጣነው በሩ ጥግ ቆሟል፤ እሳቸው የሚያነሱት መቋሚያቸውን ነው። ሁለተኛው ከአንድ ሱቅ የተገዛ ያገለገለ ዊልቸር ነው። ሻጩ ምንም እንከን የለበትም ብሎን ነበር፤ ቤት ስናመጣው የግራው ፍሬን አይዝም፣ በመኝታ ቤቱ በርም አይገባም።

ስለዚህ ጥያቄዬ ይህ ነው። ባለን አቅም በመጀመሪያ ምን እንግዛ ወይም ምን እናሠራ? ለየካቲት 16 የኪዳነ ምሕረት ክብረ በዓል ዜጌ ልንወስዳቸው ቃል ስለገባንላቸው ዕቃው ቀላልና ተጣጥፎ በባጃጅም በጀልባም የሚጫን ቢሆን እንመርጣለን። ከሁሉ በላይ ደግሞ የአባባን ክብር ሳልነካ እንዴት ልርዳቸው?

ፊዚዮቴራፒስት ባሕር ዳር

እህቴ፣ በዚሁ ከተማ በፊዚዮቴራፒ ሙያ የማገለግል ነኝ። አባባን በዓይኔ ስላላየኋቸው የምጽፈው ሁሉ በአካል በሚያያቸው ባለሙያ መረጋገጥ ይኖርበታል። ሆኖም ሁኔታውን በሚገባ ስለገለጹልን ብዙውን መናገር ይቻላል።

ከውኃው ልጀምር፣ ምክንያቱም ከከዘራውም ከዊልቸሩም የሚቀድመው እሱ ነው። ውኃ የቀነሰ አዛውንት የደም ግፊቱ ከአልጋ በሚነሳበት ቅጽበት ዝቅ ይላል፣ ያዞረዋል፣ ይወድቃል፤ ሽንቱም ስለሚወፍር ለኢንፌክሽን ይጋለጣል። አባባ ውኃ የተዉት ግን ስላልጠማቸው አይደለም። 23 እርምጃ በሰው ክንድ ላይ ተንጠልጥለው መሄድ ስለከበዳቸው ነው። እንግዲህ መጀመሪያ የሚያስፈልጋቸው መሣሪያ ያለ ማንም እርዳታ ሊጠቀሙበት የሚችሉት፣ ከአልጋቸው ክንድ በማይሞላ ርቀት ላይ ያለ የመጸዳጃ ወንበር ነው። የሕክምና ዕቃ የሚሸጡ ሰዎች ኮሞድ ይሉታል። ከእሱ ጋር ለሽንት ብቻ የሚሆን ክዳን ያለው አፈ ሰፊ የፕላስቲክ ዕቃ ከአልጋው ጎን ይንጠልጠልላቸው፤ አልጋቸው ጠርዝ ላይ ተቀምጠው በግራ እጃቸው ሊጠቀሙበት ይችላሉ። ይህ ሲሟላ ውኃውን በራሳቸው ፈቃድ ይመለሱበታል። አብዛኛውን መጠጥ ከምሽቱ 12 ሰዓት በፊት እንዲወስዱ ቢያደርጉ የሌሊቱ መነሳት ይቀንሳል። ሐኪማቸው በልብ ወይም በኩላሊት ምክንያት የውኃ መጠን ወስኖላቸው ከሆነ ግን የሐኪሙን ትእዛዝ ይጠብቁ፤ ሽንት የሚያበዛ የግፊት መድኃኒት የሚወስዱም ከሆነ በስንት ሰዓት ቢወስዱት እንደሚሻል ይጠይቁ።

ወንበሩ በአልጋው በግራ በኩል ይሁን። የደከመው ቀኝ ስለሆነ ወደ ጤነኛው ጎን መዞርና መሸጋገር ይቀላቸዋል። አልጋው አሁን በግራ በኩል ከግድግዳ ጋር ተጠግቶ ከሆነ ዛሬውኑ አዙሩት፤ ይህ ምንም ወጪ የለውም።

ስለ ከዘራው፦ ሰዎች ከዘራን በደከመው እግር በኩል ይይዛሉ፣ ስሕተት ነው። ቀኝ እግራቸው ከደከመ ከዘራው በግራ እጃቸው ይሆናል፤ ከዘራውና ቀኝ እግራቸው አብረው ወደ ፊት ይሄዳሉ፣ ከዚያ ግራው ይከተላል። ቁመቱን ለመለካት ጫማቸውን አድርገው ቀጥ ብለው እንዲቆሙ፣ እጃቸውንም እንዲጥሉ አድርጉ፤ የከዘራው እጀታ የእጅ አንጓቸው መስመር ላይ መድረስ አለበት። ሲይዙት ክርናቸው በጥቂቱ ይታጠፋል። መቋሚያ ግን ረጅም ነው። ቆሞ ለማስቀደስ የተሠራ እንጂ በእርምጃ መካከል የሰውነትን ክብደት እንዲቀበል የተሠራ አይደለም፣ ስለዚህ በላዩ ሲደገፉ ይንሸራተታል። ባለ አራት እግሩ ከዘራም ቢሆን ጠቃሚ የሚሆነው አራቱም እግሮቹ እኩል በሚያርፉበት ለስላሳ ወለል ላይ ነው፤ በኮብልስቶንና በጓሮ አፈር ላይ ይወላገዳል። አባባ ያልወደዱት ከሆነ አያስገድዷቸው። ጥሩ የወይራ ከዘራ በልካቸው ይቆረጥላቸውና ጫፉ ላይ ጎማ ይግባለት። ከዘራ ይዞ መሄድ ለሽማግሌ ክብር ስለሆነ እምቢ የሚሉ አይመስለኝም። ጎማውን በየወሩ ገልብጣችሁ እዩት፣ ቦዮቹ ተበልተው ልሙጥ ከሆነ በእርጥብ ሲሚንቶ ላይ ያንሸራትታል።

ሁለት እጅ የሚፈልገውን ዎከር (ከፊት ተይዞ የሚገፋ ባለ አራት እግር መደገፊያ) ለጊዜው አይግዙ፤ የቀኝ እጃቸው አጥብቆ ስለማይጨብጥ ወደ አንድ ጎን ሊጎትታቸው ይችላል።

ሲነሱ እንዲህ ያድርጉ። መጀመሪያ አልጋው ጠርዝ ላይ አንድ ሁለት ደቂቃ ይቀመጡ። እግሮቻቸውን ወደ ኋላ ሰብሰብ አድርገው ደረታቸውን ወደ ፊት ያዘንብሉ፣ በግራ እጃቸው አልጋውን ወይም የወንበሩን ክንድ ገፍተው ይነሱ። እርስዎ በሚረዱበት ጊዜ ክንዳቸውን ወይም ብብታቸውን በፍጹም አይጎትቱ። ከስትሮክ በኋላ የደከመ ትከሻ በመጎተት ከቦታው ሊወልቅ፣ ለወራት የማይድን ሕመምም ሊያመጣ ይችላል። በወገባቸው ላይ ሰፋ ያለ ጠንካራ መቀነት ይታጠቁ፤ እርስዎ በደከመው ጎን፣ ትንሽ ወደ ኋላ ቆመው መቀነቱን ይያዙ። ለእርስዎም ወገብ ይበጃል፣ ለእሳቸውም በምራት እጅ ከመታቀፍ መቀነት መያዙ ይቀላል።

በነገራችን ላይ የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2016 ለሁሉም አገሮች ቅድሚያ ሊሰጣቸው የሚገቡ 50 መርጃ መሣሪያዎችን ዝርዝር ሲያወጣ ከዊልቸርና ከመስሚያ መሣሪያ ጎን ከዘራን፣ የመጸዳጃ ወንበርን፣ የግድግዳ መያዣን፣ ተንቀሳቃሽ መወጣጫን አስገብቷል። ይህን የምለው የመጸዳጃ ወንበር ለቤተሰቡ ኀፍረት የሚመስላቸው ብዙ ሰዎች ስለሚያጋጥሙኝ ነው።

ብረት ሠሪው

ባለሙያው ባሉት ላይ ልጨምር። እኔ ብየዳ ቤት አለኝ፤ የመጸዳጃ ወንበርም ለወላጅ እናቴ ሠርቻለሁ።

በመጀመሪያ ያደረግሁትን እናንተ አታድርጉት። ነጩን የፕላስቲክ ወንበር መቀመጫውን ክብ አድርጌ ቆርጬ ባልዲ ከሥሩ አስቀመጥሁበት። ርካሽ ነው፣ ብዙ ሰውም ያደርገዋል። መቀመጫው ሲቆረጥ ግን ወንበሩ የሚይዘው ጉልበት ያልቃል፣ እግሮቹም በእርጥብ ሲሚንቶ ላይ ወደ ውጭ ይከፈታሉ። እናቴ ስትቀመጥ የኋላው እግር ሸሽቶ በጎኗ ወደቀች። ዳሌዋ ባይሰበርም ለአንድ ወር ያህል ወንበሩን ለማየት እንኳ ፈራች።

ሁለተኛውን በ25 በ25 ሚሊ ሜትር ቱቦላሬ (ባለ አራት ማዕዘን የብረት ቱቦ) ሠራሁት። የታችኛው መሠረት ከላይኛው ሰፋ ይበል፤ ክንዶቹ ሰው ሙሉ ክብደቱን ጥሎባቸው የሚነሳባቸው ስለሆኑ በደንብ ይበየዱ። የእግሮቹ ጫፍ ላይ የክራንች ጎማ ይግባ፤ ተሽከርካሪ እግር አይደረግበት። መቀመጫው ከሕንፃ መሣሪያ መደብር የሚገዛ ተራ የመጸዳጃ መቀመጫ ከነክዳኑ በቡሎን ይታሰርበታል። ቁመቱን የሚወስነው አባታችሁ ናቸው፤ ሲቀመጡ የእግራቸው መዳፍ ሙሉ በሙሉ መሬት ይንካ፣ ጉልበታቸው ከዳሌያቸው በጥቂቱ ዝቅ ይበል። ዜጌ ስለምትወስዷቸው እግሮቹ በቡሎን የሚፈቱና የሚገጠሙ ይሁኑ፤ አራት እግር፣ ሁለት ክንድና አንድ መቀመጫ በአንድ ማዳበሪያ ከረጢት ይገባል። ባልዲው ውስጥ ከመጠቀማቸው በፊት ትንሽ ውኃ ይደረግበት፤ ሽታውም ይቀንሳል፣ ማጠቡም ይቀላል።

ስለ ደፉና ስለ ደረጃው ደግሞ፦ ለዊልቸር የሚሆን መወጣጫ ለእያንዳንዱ 1 ሜትር ከፍታ 12 ሜትር ርዝመት ይፈልጋል። ደፉ 10 ሳንቲ ሜትር ከሆነ 1 ሜትር ከ20 የሆነ ሳንቃ ይበቃዋል፤ እሱን በሁለት ወፍራም ጣውላ ሠርቶ ሲፈለግ ማንጠፍ፣ ሳይፈለግ ማንሳት ይቻላል። ሁለቱ የጓሮ ደረጃዎች ግን እያንዳንዳቸው 15 ሳንቲ ሜትር ቢሆኑ 3 ሜትር ከ60 ያስፈልጋቸዋል፤ ተንቀሳቃሽ አይሆንም። እዚያ ላይ በአባባ ግራ በኩል ሲወጡ የሚይዙት፣ በሌላው ጎንም ሲወርዱ የሚይዙት የቧንቧ መደገፊያ መትከል ይሻላል። ሳንቃው ላይ ቀለም ሳይደርቅ ደቃቅ አሸዋ ብትነሰንሱበት በክረምት ጭቃ አያንሸራትትም።

የዊልቸሩ ፍሬን የሚጠገን ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ የላላው ማጥበቂያው ቡሎን ነው፣ ወይም ጎማው ነፋስ ጎድሎት ፍሬኑ አይደርስበትም። እስኪጠገን ድረስ ግን ማንም አይቀመጥበት።

እኔም ምራት ነበርሁ

እህቴ፣ ሰባት ዓመት ሙሉ የባለቤቴን አባት በቤቴ ያስታመምሁ ነኝ፤ ነፍሳቸውን ይማር። የውኃውን ብርጭቆ ነገር ሳነብ እንባዬ መጣ፤ የእኔም አማት እንዲሁ ያደርጉ ነበር። ያወቅሁት ግን በጣም ዘግይቶ፣ ሽንታቸው ደም ከቀላቀለ በኋላ ነው።

ሰዎቹ ስለ ዕቃው የሚያስፈልገውን ብለውልዎታል። እኔ ዕቃው እንዴት ወደ ክፍላቸው እንደሚገባ ልንገርዎ፤ ምክንያቱም በሩ ጥግ የቆመው ባለ አራት እግር ከዘራ የቀረው በዚህ ነው ብዬ አምናለሁ። ወንበሩን እርስዎ ይዘው አይግቡ። ባለቤትዎ ቅዳሜ ሲመጣ እሱ ይዞት ይግባ፣ እሱ ይግጠመው፣ አባቱ ፊት ተቀምጦበት ያሳያቸው። «ይህን ላንተ አሠራሁልህ፣ ማንንም ሳታስጠራ» ይበላቸው። እርስዎ በዚያ ሰዓት ቤት ውስጥ ባይኖሩም ይመረጣል። ወንበሩን በቀን በንጹሕ ጨርቅ ይሸፍኑት፤ ለጥየቃ የሚመጣ ጎረቤት ተራ ወንበር ይመስለዋል። ከፊቱም መጋረጃ ይወጠር። ባልዲውን የልጅ ልጃቸው ይድፋ፤ የ12 ዓመት ልጅ ይችላል፣ አያቱን ማገልገሉም ለእሱ ትምህርት ነው፤ እርስዎ ባልዲውን ይዘው ሲያልፉ ከሚያዩ ግን እንደገና ውኃ ይተዋሉ።

ገላቸውን ሲታጠቡም እንዲሁ ነው። ሙሉ መታጠብ ለቅዳሜ ለልጃቸው ይቀመጥ። በአዘቦቱ ቀን ክንድ ባለው ወንበር ላይ ይቀመጡ፣ ጉልበታቸው ላይ ነጠላ ይጣልላቸው፣ ለብ ያለ ውኃ በሳፋ፣ ጣሳውና ሳሙናው በግራ እጃቸው በኩል ይቀመጥላቸው፤ ሳሙናው እንዳያሙለጨልጫቸው በስስ ካልሲ ውስጥ ከተው በገመድ ከወንበሩ ጋር ቢያስሩት መሬት ወድቆ ጎንበስ አይሉም። ከዚያ እርስዎ ከበሩ ውጭ ይሁኑ፤ በሩ ግን ከውስጥ አይቆለፍ። ትንሽ ቃጭል ይሰጣቸው፣ ከፈለጉ ያቃጭላሉ። አማቴ በመጀመሪያው ወር አንድም ጊዜ አላቃጨሉም። በሁለተኛው ወር ግን ጀርባቸውን እንዳሽላቸው አቃጨሉ።

ስለ ጾሙ የንስሐ አባታቸውን ያነጋግሩ። ቤተ ክርስቲያን የታመመን ሰው መድኃኒቱን ትቶ እንዲጾም አታስገድድም፤ ይህን ግን ከእርስዎ አፍ አይቀበሉትም፣ ከካህን ሲሰሙት ይቀበላሉ።

አጎበሩን ግን እንዳያወጡት። በሐይቅ ዳር ከተማ ለ81 ዓመት ሰው ወባ ቀላል ነገር አይደለም። እኔ ያደረግሁት በሚነሱበት በኩል አጎበሩን ፍራሹ ሥር ሳልጠቀጥቅ፣ መሬት የሚደርሰውን ትርፉን ቀንሼ፣ ጠርዙን ከፍራሹ በታች አንድ ጋት ብቻ እንዲወርድ ሰፋሁት፣ ክብደት እንዲኖረውም ጠርዙ ላይ ወፍራም ገመድ አስገባሁበት። በእጅ ወደ ጎን ሲገፉት ይከፈታል፣ ሲለቁት ይዘጋል፣ እግር ላይ አይጠመጠምም። መብራት ስለሚጠፋም በሚሞላ ባትሪ የሚሠራ ትንሽ መብራት ራስጌያቸው ላይ በሚነኩበት ቦታ ይሰቀል።

ምራት ከሽምብጥ

ከልቤ አመሰግናለሁ፤ ሦስት ሳምንት ዝም ያልሁት የተባልሁትን አንድ በአንድ ስናደርግ ስለነበረ ነው።

አልጋውን በዚያው ቀን አዞርነው። ለካስ እስካሁን በደከመው ጎናቸው በኩል ነበር የሚነሱት። ባለቤቴ ቅዳሜ ወንበሩን ከብየዳ ቤት ይዞ መጣ፤ እኔ በተባልሁት መሠረት ጎረቤት ቡና ልጠጣ ሄድሁ። ስመለስ ወንበሩ በነጠላ ተሸፍኖ፣ አባባ ደግሞ አልጋው ላይ ተቀምጠው ከልጃቸው ጋር ስለ ዜጌው የቡና ለቀማ ሲያወጉ አገኘኋቸው። ስለ ወንበሩ ማንም ምንም አላለኝም፣ እኔም አልጠየቅሁም። ሰኞ ጠዋት ብርጭቆው ባዶ ነበር። ማክሰኞም ባዶ ነበር። ረቡዕ ማታ «ትንሽ ጨምሪበት» አሉኝ።

ከዘራውን ባለቤቴ ከወይራ አስቆረጠላቸው። በአንጓቸው ልክ ሲቆረጥ በጣም አጠረ ብለው ተከራከሩ፤ በግራ እጃቸው መያዙም ለአንድ ሳምንት ያህል አስቸገራቸው፣ በረሱ ቁጥር ወደ ቀኝ ያዞሩት ነበር። ልጄ የከዘራው እጀታ ላይ ነጭ ጨርቅ ጠምጥሞ፣ በግራ እጃቸው ክታብ ያለበት ክር ስላለ «ነጩ ወደ ክሩ» እያለ ያስታውሳቸዋል። መቋሚያው በክብር ከራስጌያቸው ተሰቅሏል፤ ለቤተ ክርስቲያን ቀን ልጄ ይዞላቸው ይሄዳል።

የንስሐ አባታቸውም መጥተው አነጋገሯቸው፤ መድኃኒታቸውን በሰዓቱ መውሰድ ጀምረዋል። የጠዋቱ ማዞር ጨርሶ ባይጠፋም ቀንሷል።

የቀረኝ የዜጌው ጉዞ ነው። በመኪና መንገድ ልንወስዳቸው አስበን ነበር፤ እሳቸው ግን በሐይቁ ካልሆነ አይሆንም አሉ። ዊልቸሩ ፍሬኑ ተጠግኗል፤ ወደ ጀልባው እንዴት እናስገባቸው? ከወደቡ እስከ ቤተ ክርስቲያኑ ያለውን አቀበትስ?

የዜጌ ልጅ

የተወለድሁት እዚያው ነው፤ አሁንም ሰው በጀልባ አመላልሳለሁ፣ ስለዚህ በማውቀው ልመልስ።

ከሁሉ በፊት በጠዋት ተነሱ። ጣና በጠዋት ጸጥ ያለ ነው፤ ከቀትር በኋላ ነፋሱ ሲነሳ ማዕበሉ ጤነኛውንም ሰው ያንገዳግዳል። በበዓሉ ዕለት ሰው ስለሚበዛ በዋዜማው ከሰዓት በፊት ብትደርሱ፣ ዘመድ ቤት አድራችሁ ብትነሱ ይሻላል፤ የመጸዳጃ ወንበራቸው ስለሚፈታ ማደሩ አያስቸግርም።

ዊልቸር ላይ እንደተቀመጡ ወደ ጀልባ አይገቡም። ዊልቸሩ እስከ ወደቡ ጠርዝ ይወስዳቸዋል፤ እዚያ ፍሬኑ በሁለቱም በኩል ይያዝ፣ እግር ማሳረፊያው ይነሳ። አንድ ሰው አስቀድሞ ጀልባው ውስጥ ይግባ፣ አንድ ሰው ከኋላ መቀነታቸውን ይያዝ፣ እሳቸውም በጤነኛው እጃቸው የጀልባውን ቋሚ ይያዙ። ቀዛፊው ጀልባውን ከወደቡ ጋር በሁለት ገመድ፣ ከፊትም ከኋላም እንዲያስር ጠይቁት፤ በአንድ ገመድ ብቻ የታሰረ ጀልባ ሰው ሲረግጠው ጭራው ይሸሻል። ውስጥ ከገቡ በኋላ በጀልባው መካከል፣ ዝቅ ባለው መቀመጫ ላይ ይቀመጡ፤ ዊልቸሩ ታጥፎ ለብቻው ይታሰር። ሰው ከዊልቸር ጋር ታስሮ በውኃ ላይ መሄድ የለበትም። የሕይወት አድን ጃኬት ቢከብዳቸውም ይልበሱ፤ ከጋቢው በላይ እንጂ ከጋቢው በታች አይሁን።

ከወደቡ በኋላ ዊልቸሩን እዚያው ዘመድ ጋ ተዉት። በቡናው ጫካ ውስጥ ወደ ዑራ ኪዳነ ምሕረት የሚወጣው መንገድ ድንጋይና ሥር የበዛበት ስለሆነ ጎማ አይሄድበትም፤ በዊልቸር የሞከሩ ሰዎች የፊት ጎማው ድንጋይ ሲይዘው ታማሚው ወደ ፊት ሲደፋ አይቻለሁ። እኛ የምናደርገው ክንድ ያለው ጠንካራ የእንጨት ወንበር በሁለት ረጃጅም አጣና ላይ አጥብቀን አስረን፣ አራት ጎረምሳ በአራቱ ጫፍ ተሸክሞ፣ ሌሎች አራት በየተራ እንዲቀይሯቸው ማድረግ ነው። ወንበሩ ጀርባው ወደ ኋላ ዘንበል ይበል። በደከመው በቀኝ በኩል እጃቸው ወደ ውጭ እንዳይንጠለጠል ጭናቸው ላይ ይቀመጥ፤ በአንድ አዛውንት ላይ እጃቸው ተንጠልጥሎ ከግንድ ጋር ተላትሞ ሲቆስል አይቻለሁ፣ ስሜት ስላልነበረው ራሳቸው እንኳ አላወቁም ነበር። ተሸካሚ ስለመገኘቱ አታስቡ፤ አገሬው የሚያውቃቸው ሰው ናቸው፣ ለኪዳነ ምሕረት የሚመጣን አዛውንት መሸከም በረከት ነው ብሎ የሚሻማው ወጣት ይበዛል።

ፊዚዮቴራፒስት ባሕር ዳር

የዜጌው ወንድማችን ያሉት ሁሉ ትክክል ነው። እኔ ሁለት ነገር ብቻ ልጨምር።

በጉዞውም ሆነ በቤት፣ በዊልቸር ላይ ረጅም ሰዓት ሲቀመጡ በየግማሽ ሰዓቱ በግራ እጃቸው ገፍተው ወይም በመቀነቱ ታግዘው መቀመጫቸውን ጥቂት ከፍ ያድርጉ፣ ሥሩም ወፍራም ስፖንጅ ይኑር። ማታ ወደ ቤት ሲገቡ ባለቤትዎ የጅራት አጥንታቸውንና የተረከዛቸውን ቆዳ ይይላቸው፤ ተጭነውት ወደ መደበኛው የማይመለስ መቅላት ወይም መጥቆር ካለ የአልጋ ቁስል መጀመሪያ ነው፤ በዚያ ቦታ ላይ እንዳይተኙ፣ ሌሊትም በየሁለት ሰዓቱ ጎን እንዲቀይሩ ያድርጉ።

ሁለተኛው፣ ከክብረ በዓሉ መልስ ዊልቸሩን በልካቸው ለማግኘት በከተማችን ያለውን የአካል ተሐድሶ ማዕከል ሄዳችሁ አነጋግሩ። ከመሄዳችሁ በፊት የመኝታ ቤቱን በር የውስጥ ስፋት በሜትር ለኩ፤ የአዋቂ ዊልቸር ከጎማ እስከ ጎማ ከ60 እስከ 70 ሳንቲ ሜትር ስለሚደርስ ብዙ ጊዜ የሚያስቸግረው በሩ ነው። በሚኖሩበት ሰፈር እድር ካለም ሐሳቡን አቅርቡ፤ ድንኳንና አግዳሚ የሚገዛ እድር አንድ ዊልቸርና አንድ የመጸዳጃ ወንበር ገዝቶ ለአባላቱ ተራ በተራ ማዋስ አይከብደውም።

ምራት ከሽምብጥ

በሩን ዛሬ ለካነው፤ 64 ሳንቲ ሜትር ነው፣ ዊልቸሩ ደግሞ 67። የእድሩ ስብሰባ የሚቀጥለው እሑድ ስለሆነ ባለቤቴ ሐሳቡን ያቀርባል። የጀልባውን ሰው በዋዜማው ከጠዋቱ 2 ሰዓት ላይ እንዲጠብቀን፣ በሁለት ገመድም እንዲያስር ነግረነዋል። ልጄ የመጸዳጃ ወንበሩን ፈትቶ መግጠም ተለማምዷል፤ የእግሮቹን ቦታ እንዳይሳሳት በኖራ 1፣ 2፣ 3፣ 4 ብሎ ጽፎባቸዋል፣ ቡሎኖቹንም በአባባ አሮጌ መሐረብ ቋጥሮ ከረጢቱ ውስጥ አስቀምጧቸዋል።